የበፊቷ ልጅ

«ይቺ ናት በፊት፤ ይቺ ደግሞ በኋላ» አለች ከፊት የቆመችው ልጅ፣ ስልኳን ወደ ጓደኛዋ እያዘነበለች። ቅዳሜ ጠዋት፣ የዳቦ ሰልፍ ላይ ነው። ጓደኝየዋ ምስሉን በሁለት ጣቷ ለጠጥ አድርጋ አየችና፣ «ውይ! ምን ሆና ነው? ታማ ነው እንዴ?» አለች። «ኧረ ፀጉሯን ሳትሠራ ነው።» «ፀጉር ብቻውን ሰውን እንዲህ ያደርጋል?» «ፀጉር እኮ ሁሉ ነገር ነው፣ አንቺ ደግሞ!» ከኋላቸው የቆመችው ልጅ ባዶውን የዳቦ ከረጢት ከአንዱ እጇ ወደ ሌላው አዛወረች። ስልኩ ላይ በግራ በኩል ያለው ፊት የእሷ ነው። ያው ፊት አሁን ከአንድ ክንድ በማይበልጥ ርቀት ላይ፣ ታጥቦና ቅባት ተቀብቶ፣ ዳቦ ይጠብቃል። ዞር ካሉ የምትላቸውን በልቧ አዘጋጀች፤ አንዱን መልስ ጥላ ሌላ አነሳች፣ እሱንም አሳመረችው። አንደኛዋ እውነትም ዞር አለች። ከላይ እስከ ታች አየቻትና፣ «እህቴ፣ ተራ ያዢልን፤ ሱቅ ደርሰን መጣን» አለቻት። ያዘችላቸው።

ዳቦውን ይዛ ስትመለስ የከነከናት ይኸው ነበር። ቢያውቋት ኖሮ ትናደዳለች፣ ትመልሳለች፣ ነገሩ እዚያው ያልቃል። እነሱ ግን አላወቋትም። ፊቷ ያለ እሷ ከተማውን እየዞረ ነው፤ ታማ እንደሆነ እየተጠየቀ፣ ከንፈር እየተመጠጠለት፤ እሷ ደግሞ ከኋላ ቆማ ተራ ትይዛለች። በትምህርት ቤትማ ያውቋታል። ገና በር ስትገባ «በፊት መጣች» ይባላል። ፈተና ሲመለስ «በፊት ስንት አመጣች?» ይባላል። አንዱ የክፍሏ ልጅ ፊቷን ቆርጦ አውጥቶ፣ ሰው ሲከፋው የሚላላከው ምስል አድርጎታል፤ ደመወዝ የዘገየበት፣ ኳስ የተሸነፈበት፣ ጥርሱን የታመመ ሁሉ የእሷን ፊት ይልካል። የቅርብ ጓደኛዋ ሳትቀር ልካላታለች፣ ከስሩ «አትናደጂ፣ ያስቃል እኮ» ብላ ጽፋ። ልጅቷም የሳቅ ምልክት መለሰችላት። በኋላ ላይ ከስድቡ ሁሉ ያቃጠላት ያ የራሷ የሳቅ ምልክት ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። አክስቷ፣ የእናቷ ታላቅ እህት፣ የሴቶች ፀጉር ቤት አላት። ቤቱ በመስታወት ፊቱን ለመንገዱ ሰጥቷል፤ ከኋላው ትንሽ ግቢ አለ፤ ከግቢው ማዶ እናትና ልጅ የሚኖሩባቸው ሁለት ክፍሎች አሉ። ክፍሎቹም የአክስት ናቸው። ኪራይ የለም፤ በኪራይ ፈንታ እናት ፎጣ ታጥባለች፣ ልጅ ቅዳሜ ቅዳሜ የደንበኞች ራስ ታጥባለች፣ ሁለቱም «እሺ» ይላሉ። ፀጉር ቤቱ ፎቶ የሚለጠፍበት ፔጅ አለው። ፔጁ ላይ የሚወጣው አንድ ዓይነት ነገር ነው፦ በግራ በፊት፣ በቀኝ በኋላ። ሰው የማያውቀው ግን «በፊት» ዝም ብሎ የሚገኝ ነገር አለመሆኑን ነው፤ ይሠራል። ደንበኛዋ ውስጥ ድረስ፣ ራስ መታጠቢያው ጥግ ትወሰዳለች፣ የውሃ ማሞቂያው ጎን። መብራት ይጠፋል። ስልኩ ከአገጭ ዝቅ ይላል። አክስት «ትንፋሽሽን አውጪው፣ ትከሻሽን ጣይው፣ እንዳትስቂ፤ ሳቅ በፊትን ያበላሻል» ትላለች። ያኔ የፈለገች ቆንጆ ብትሆን ከሐኪም ቤት ቀጠሮ የቀረች ትመስላለች። «በኋላ» ደግሞ መስኮቱ ጋ፣ በክቡ መብራት ፊት፣ አገጭ ቀና፣ «አሁን ሳቂ!» ነው። መብራቱን የምታጠፋውና የምታበራው ልጅቷ ናት። ሥራዋ ነው። ከጨለማው ጥግ የተነሳችው ሴት ያንን ፊት ተሸክማ ወደ ቤቷ ትሂድ አትሂድ አስባው አታውቅም።

የእሷ ፎቶ የተነሳው አንድ ምሽት ፎጣ አስጥታ ስትገባ ነው። ሹሩባዋን ግማሹን ፈትታ ግማሹን ለነገ አሳድራው ነበር። አክስቷ «ነይ እስቲ እዚህ ጋ ቁሚልኝ፣ ይሄን አዲስ ስልክ ልሞክረው» አለቻት። ቆመች። ሳትባል ትንፋሿን አወጣች፤ ጥጉ አስለምዷታል። ከሳምንት በኋላ ፔጁ ላይ በግራ እሷ፣ በቀኝ የአክስቷ ልጅ ወጡ፤ ፀጉሯ ተተኩሶ እስከ ትከሻዋ የፈሰሰ፣ የፊቷ ቆዳ እንደ ሰሃን የጠራ። ሁለቱም የአያታቸውን አገጭ ወርሰዋል፤ ለአንድ ሰው ማለፍ አያቅታቸውም። ከስሩ «በአንድ ቀን!» የሚል ተጽፏል። ፔጁ ከተከፈተ ጀምሮ ያን ያህል ላይክ ያገኘ ፎቶ የለም።

ከዳቦው ሰልፍ ቤት ስትገባ እናቷ አልጋው ላይ ተቀምጣ ፎጣ ታጥፋለች። በዚያ ክፍል ውስጥ ወንበር ማለት ፎጣ የሌለበት ቦታ ማለት ነው። ፎጣ በአልጋው ራስጌ፣ ፎጣ በቴሌቪዥኑ ላይ፣ ፎጣ በመስኮቱ ዘንግ ላይ፤ ቤቱ ሁሌም የሌላ ሰው ሻምፖ ይሸታል። ልጅቷ ዳቦውን አስቀምጣ ከግድግዳው ተደግፋ ቆመች። እናቷ ቀና ሳትል «ምነው?» አለቻት።

«ዛሬ እነግራታለሁ።»

እናቷ አንድ ፎጣ አጠፈች፤ ሌላ አነሳች። ፎቶውን አይታዋለች። ያየችው ቀን ስልኩን በግንባሩ ደፍታ ወደ ጓዳ ነበር የሄደችው፤ ከዚያ ወዲያ ስለሱ አልተነሳም። «ፎቶ ነው፣ ልጄ» አለች በመጨረሻ። «አይነክስም።»

«ነክሷል።»

«እንግዲህ ያለንበትን ቤት አስቢው።» ይህን ያለችው ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ነው፣ ግድግዳው እንዳይሰማባት የፈራች ይመስል። የግድግዳው ባለቤት ማን እንደሆነ ስለሚታወቅ ፍርሃቷ ያለ ምክንያት አልነበረም። ልጅቷ ዳቦውን ቆርሳ ለእናቷ አካፈለች። እናቷ ፍርፋሪው ከተጣጠፉት ፎጣዎች ላይ እንዳይወርድ መዳፏን ከአገጯ ስር ዘርግታ ነበር የምትበላው፤ ልጅቷም እንደዚያው። ከአገጯ ስር የዘረጋችውን መዳፏን አይታ ተናደደች።

ቅዳሜ ፀጉር ቤቱ ገበያ ነው። ካስክ የሚሉት የራስ ማድረቂያ ሁለቱም ስር ሰው አለበት፤ አግዳሚው ላይ ተራ የሚጠብቁ ሴቶች ቦርሳቸውን አቅፈው ተጠጋግተዋል፤ መሬቱ ላይ ጥቁር ፀጉር፣ ቀይ ፀጉር፣ የማንም ያልሆነ ፀጉር። ግድግዳው ላይ ዋጋው ተለጥፏል፦ ማጠብ ርካሽ ነው፣ መተኮስ ከፍ ይላል፣ ማለስለስ የወር የትምህርት ቤት ክፍያ ያክላል። የማለስለሱ ዋጋ በእስክሪብቶ ተሰርዞ በላዩ የበለጠ ተጽፎበታል፤ የተሰረዘው ፎቶው በወጣ ሳምንት ነው። አክስቷ በሁለት እጇ ጓንት አጥልቃ የአንዲት ሴትዮ ራስ ላይ ክሬም ትቀባለች። እጇ ፈጣን ነው፣ አፏም አያንስም፤ ከምታለሰልሰው ራስ ጋር፣ ተራ ከምትጠብቀው ጋር፣ በመንገድ ከምታልፈው ጋር በአንድ ትንፋሽ ታወራለች። ክፉ ሴት አይደለችም። እህቷን ባሏ ጥሏት በሄደ ጊዜ በራሷ ገንዘብ ታክሲ ይዛ መጥታ ዕቃዋን ጭናታለች። ይህን ግን እሷም አልረሳችውም፣ ሰውም እንዲረሳ አትፈቅድም።

«አክስቴ፣ ያቺን ፎቶ ያጥፉልኝ» አለች ልጅቷ፣ ሽርጡን ሳታስር።

«የቷን?»

«የእኔን።»

«አንቺ መሆንሽን ማን ያውቃል?»

«ሁሉም ያውቃል።»

«ሁሉም ካወቀ ታዲያ ምን ትደበቂያለሽ?» አግዳሚው ሳቀ። አክስቷ ሳቅ ስታገኝ ትሞቃለች። «ስሚ የኔ ልጅ፣ ሰው እኮ አንቺን አይቶ ነው የሚመጣው። እኔ እንኳ እንደዚያ አልታየሁም። ይልቅ ሥራ ቀለል ሲል ቁጭ ትያለሽ፣ በነፃ አለሰልስሻለሁ፣ አንቺም በኋላ ትሆኛለሽ፤ አለቀ።»

«መሆን አልፈልግም።»

«ምን መሆን?»

«በኋላ።»

ካስኩ ስር ያለችው ወፍራም ሴትዮ የተባለውን ሳትሰማ የሰውን ሳቅ አይታ ፈገግ አለች። አክስቷ ግን እጇን ከክሬሙ ላይ አነሳች። «እንዲያውም» አለች፣ ድምፅዋ ትንሽ ቀጥኖ፣ «መብራቱን ሲያጠፋ የከረመው ማን ነው? እኔ በመንፈስ ነው የማጠፋው? የሰውን ስታጠፊ ደህና ነበር፤ የራስሽ ሲደርስ ጨለማው ታየሽ?»

ልጅቷ ሽርጧን አስራ ወደ መታጠቢያው ሄደች። የመጀመሪያዋን ራስ ስታጥብ ውሃው ሙቅ ይሁን ቀዝቃዛ ሳትለይ ቀረች፤ ሴትየዋ «ኧረ ተቃጠልኩ!» ስትል ነው የነቃችው። ይቅርታ ጠይቃ ውሃውን አስተካከለች። አክስቷ የተናገረችው እውነት ስለሆነ ነው እንዲያ የገባባት፤ ውሸት ቢሆን ኖሮ በአንድ ጆሮዋ ባስወጣችው ነበር። በዚያ ጥግ የቆሙትን አንድ በአንድ አስታወሰች። አንዷ «ልጆቼ እንዳያዩኝ» ብላ ስቃ ነበር። አንዷ አስተማሪ ናት፤ ተማሪዎቿ ፎቶውን አግኝተው ምን እንዳደረጉበት ማን ጠየቃት? አንዷ ከታመመችበት የተነሳችና ፀጉሯ የሳሳ ነበረች፤ ለእሷ መብራት ማጥፋት እንኳ አያስፈልግም ነበር፤ ልጅቷ ግን አጥፍታባታለች። ተባለች፣ አጠፋች።

ሒሳብ መቀበያው ጋ የአክስቷ ልጅ ተቀምጣለች፣ ተተኩሳ። በዕድሜ እኩያ ናቸው፣ በክፍልም እኩል፤ በሰው ፊት ብዙ አይነጋገሩም። ልጅቷ ንጹህ ፎጣ ለማምጣት ስታልፍ ጎንበስ አለችና፣ «አንቺ አጥፊው በቃ፤ ፔጁን የምትይዢው አንቺ አይደለሽ?» አለቻት።

«ፓስዎርዱን ቀይራዋለች።»

«ለምን?»

«ላጠፋው ስል ያዘችኝ።» የአክስቷ ልጅ ሒሳብ የምትደምር መስላ ወደ ካልኩሌተሩ አቀረቀረች። «አንቺ ብቻ የተጎዳሽ መሰለሽ? ከዚያ ቀን ጀምሮ ሳልተኮስ ሱቅ እንኳ አልላክም። ደንበኛ ያይሻል ትለኛለች። ጆሮዬ ስር ሁለቴ ተቃጥያለሁ። ፊቱ ደግሞ የኔ መሰለሽ? አፍንጫዬን አይተሽዋል? ግማሹን ፊልተሩ በልቶታል። በአካል ያዩኝ ልጆች ‹ምነው ወፈርሽ?› ይሉኛል። አልወፈርኩም እኮ፣ አፍንጫዬ ነው የተመለሰልኝ።» ልጅቷ ሳታስበው ሳቀች። የአክስቷ ልጅም ልትስቅ ብላ እናቷ ዞር ስትል አፏን ሰበሰበች። ከፎቶው በኋላ ሁለቱ ይህን ያህል ሲያወሩ የመጀመሪያቸው ነው።

ከቀትር በፊት አንዲት ረጅም ሴት የመኪና ቁልፍ በጣቷ እያሽከረከረች ገባች። ከኋላዋ ልጇ ናት፤ የሹራቧን ቆብ እስከ ቅንድቧ ስባ አውርዳዋለች። ሴትየዋ ለማንም ሰላም ሳትል ስልኳን ወደ አክስት ዘረጋች። «እንደዚችኛዋ አድርጉልኝ» አለች። «ይሄው፣ ከዚህ ነው ወደዚህ።»

«ይቻላል፣ የኔ እመቤት! እናቶች እንዳንቺ ሲያስቡ ደስ ይለኛል። አንቺ ሚጡ፣ ቆቡን አውልቂዋ፣ እንይሽ።»

«እኔ ምንም አላልኩም» አለች ሚጡ የተባለችው።

«እሷ ምንም አታውቅም» አለች እናትየዋ። «የአጎቷ ሠርግ ነው፤ ፎቶ ይኖራል። ዘመድ ሁሉ ይለጥፈዋል። ኋላ እሷው ናት የምታለቅሰው።»

ቆቡ ሲወልቅ ፀጉሯ ሰፊ ሆኖ ተነሳ፤ ጥቅጥቅ ያለ፣ ጥቁር፣ ማበጠሪያ የማያስገባ የሚመስል። ልጅቷ ወስዳ ከመታጠቢያው ወንበር አስተኛቻት፣ አንገቷ ስር ፎጣ አደረገችላት፣ ውሃውን በእጇ አንጓ ሞክራ ለቀቀችው። ፀጉሩ ውሃውን ጠጥቶ ጠጥቶ ከበደ። የተኛችው ልጅ ዓይኗን ጨፍና ቆይታ ድንገት ገለጠችውና ከታች ወደ ላይ አፍጥጣ ታያት ጀመር።

«አንቺ ነሽ አይደል?» አለች።

«ማን?»

«በፊት።»

የዳቦ ሰልፉ ላይ ያዘጋጀችው መልስ ሁሉ ጠፋት። «አዎ» አለች።

«እማዬ ስልኳ ላይ አስቀምጣሻለች። ትምህርት ቤት ከመሄዴ በፊት ታሳየኛለች። ‹ይቺ እንኳ ተለውጣለች፣ አንቺ ምን አነሰሽ?› ትለኛለች።» ተናድዳ አልነበረም የምትናገረው፤ የለመደችውን ነገር የምትነግር ነው የምትመስለው። «እውነት ግን በአንድ ቀን ነው እንዲህ የሆንሽው? አያምም? አንዷ ጓደኛዬ ክሬሙ ራሷን አቁስሏታል።»

«ይቺ እንኳ» የሚለው ቃል ልጅቷ ጆሮ ውስጥ ቀረ። ይህን ሁሉ ጊዜ ፎቶው እሷን ብቻ የሚነክስ መስሏት ነበር። አሁን ግን ከማታውቀው ቤት፣ ከማታውቀው ቁርስ ላይ ሌላ ልጅም ሲነክስ መክረሙን ሰማች። ውሃውን ዘጋች። «አልሆንኩም» አለቻት። «ያቺ በቀኝ ያለችው የአክስቴ ልጅ ናት። ያቻትና፣ ሒሳብ መቀበያው ጋ።»

ተኝታ የነበረችው አንገቷን ቀና አድርጋ ተመለከተች፤ ውሃው በጀርባዋ ወረደ። የአክስቷን ልጅ አየች፣ ወደ ልጅቷ ዞረች። «እና አንቺስ?»

«እኔ ይኸው።»

ሌላ ቃል ሳይነጋገሩ አክስት መጣች፣ አንዱን ጓንቷን አውልቃ፣ ስልኳን ይዛ። ረጅሟ ሴትም ተከትላ ጥጉ ጋ ቆመች። «ነይ ሚጡ፣ እዚህ ቁሚ። ጎሽ። ትከሻሽን ጣይው። መብራት!»

ልጅቷ አልተንቀሳቀሰችም።

«መብራት አልኩ እኮ!»

ልጅቷ ሄደች። ወደ ማጥፊያው ግን አልነበረም የሄደችው። መስኮቱ ጋ የቆመውን ክብ መብራት ከነእግሩ አንስታ፣ ሽቦውን በአግዳሚው ሴቶች ጉልበት ላይ እያሳለፈች፣ «ይቅርታ፣ አንዴ፣ ይቅርታ» እያለች ጥጉ ድረስ ወሰደችውና ሰካችው። ጥጉ ሲበራ መጀመሪያ የታየው የማሞቂያው ዝገት ነው። ከዝገቱ ፊት ራሷ የረጠበ፣ ዓይኗ ተለቅ ያለ ልጅ ቆማለች፤ የውሃ ጠብታ በፀጉሯ ላይ ተንጠልጥሎ ያብረቀርቃል።

«አጥፊው።»

«አላጠፋም።»

«ምን አልሽ?»

«አላጠፋም፣ አክስቴ። እስከ ዛሬ ያጠፋሁት ይበቃኛል። ጨለማውን ከፈለጉት ራስዎ ይያዙት።»

አክስት በደንበኛ ፊት መጮህ እንደማትችል ታውቃለች፤ ስለዚህ ፈገግ አለች፣ ጥርሷ ብቻ። ስልኩን አነሳችና የሆነው ይሁን ብላ ማንሻውን ነካችው። የሚጡ እናት በአክስት ትከሻ ላይ አዘንብላ አየች። የመኪና ቁልፉ ከመሽከርከር ቆመ። «ይሄ በፊት ነው ወይስ በኋላ?» አለች።

«በፊት ነው እንጂ፣ ገና መች ነካናት!»

«ይሄማ ምን ጎደለው?»

አግዳሚው ላይ አንዷ ሳቋን በቦርሳዋ አፈነች። ረጅሟ ሴት የራሷን ስልክ አውጥታ ያንን ፎቶ ከፈተች፣ ወደ መብራት ያዢዋ አቀረበችው፣ የስልኩን ፊት ከልጅቷ ፊት ጋር አስተያየች። የመኪና ዋጋ የምትከራከር ይመስል ጊዜ ወሰደች። «አንቺ ነሽ እንዴ ይቺ?»

«እኔ ነኝ። እዚሁ ጥግ፣ መብራት ጠፍቶ፣ ፎጣ ሳሰጣ ውዬ። ቀኝ ያለችው እኔ አይደለሁም።»

ሒሳብ መቀበያው ጋ ወንበር ተሳበ። የአክስቷ ልጅ ማንም ሳይጠራት ተነስታ መጣች፤ ከክቡ መብራት ፊት፣ ከልጅቷ ጎን ቆመች። «እኔ ነኝ» አለች። «አፍንጫው ግን የኔ አይደለም።» ሁለቱ ጎን ለጎን ሲቆሙ አገጭ ከአገጭ ይመሳሰላል እንጂ ሌላው ሁሉ ለየቅል ነው፤ አንዷ ጠይም ረዘም ያለች፣ ሌላዋ ቀላ ብላ ክብ። ፀጉር ቤቱ በሙሉ ዓይኑን ከሁለቱ ወደ ስልክ፣ ከስልክ ወደ ሁለቱ እያመላለሰ ተመለከተ።

የጓሮው በር ተከፈተና እናት ፎጣዋን እስከ አገጯ ከምራ ገባች። ሥራው ሁሉ መቆሙን አየች፤ ነገሩም ምን እንደሆነ ማንም ሳይነግራት ገባት። አክስት ዞር ብላ፣ «ልጅሽን ያዢልኝ! ገበያዬን ልታዘጋው ነው! ንገሪያት እንጂ!» አለቻት። እናት ፎጣውን አንድ በአንድ መደርደሪያው ላይ ደረደረች። ስትጨርስ አንዲት የፊት መጥረጊያ ፎጣ በእጇ ቀረች፤ የመሐረብ ያህል ናት። እሷን በሁለት እጇ ያዘችና፣ «እጄ ሞልቷል፣ እትዬ» አለች።

አክስት እህቷን አየቻት። እነዚህ ሁለት ሴቶች በአንድ አልጋ ተኝተው ያደጉ ናቸው፤ ከዚያ ወዲያ በመሃላቸው የተባለው ሁሉ «አድርጊ» እና «እሺ» ነው። ለዚህ የሚሆን ቃል አልተዘጋጀም። አክስት የቀረውን ጓንት በጥርሷ ጎትታ አወለቀች፣ ስልኩን በአውራ ጣቷ ወጋች፣ ዳግመኛ ወጋች፣ ለሁሉም እንዲታይ ገልብጣ ወደ ላይ ያዘችው። «ይኸው! ጠፋ! አየሽው? ጠፋ! ደስ አለሽ?»

«ገና ነው።»

«ምን ቀረሽ ደግሞ?»

«ሌሎቹ።»

«የምን ሌሎቹ?»

«እዚህ ጥግ ያቆምናቸው። ሁሉም።»

«እነሱ ምን አሉ? አንዲት ሴት መጥታ ቅር አለኝ አለች? ከፍለው፣ አመስግነው ነው የሄዱት!»

«ጠይቀዋቸዋል?» ልጅቷ ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም፤ የመብራቱን እግር ጨብጣ እንደያዘች ነው። «እኔንም አልጠየቁኝም ነበር። መብራቱን ያጠፋሁት እኔ ነኝ፤ እርስዎ ካፈሩ እኔ እጠይቃቸዋለሁ። ቀጠሮ የሚያዝበት ስልክ ላይ የሁሉም ቁጥር አለ።»

«እሺ» አለች አክስት፣ በጣም ቀስ ብላ። «እሺ። እንግዲያው ከነገ ጀምሮ በዚህ ቤት…»

እናት ፎጣዋን ጨበጠች። ልጅቷ ዓረፍተ ነገሩ የሚያልቅበትን ታውቀዋለች፤ ሁለቱን ክፍሎች፣ አልጋውን፣ ቴሌቪዥኑን በዓይነ ልቦናዋ በመንገድ ላይ ተዘርግተው አየቻቸው። ዓይኗን ከአክስቷ ላይ ግን አላነሳችም። አክስት ለመጨረስ አፏን ከፈተች።

«ምንድነው የሚባለው?!» ካስኩ ስር ያለችው ወፍራም ሴትዮ ናት፤ ስለማይሰማት የምትጮኸው እስከ መንገድ ይደርሳል። ማድረቂያውን በሁለት እጇ ወደ ላይ ገፋች፤ ጆሮዎቿ ቀልተዋል። «ስለ ፎቶ ነው? እኔም አለሁበት እንዴ?»

«አይ፣ አንቺ እንኳ…» አለች አክስት።

«ባለፈው ያነሳሽኝስ? ‹ለራሴ ማስታወሻ ነው› ያልሽኝ? ወዴት አደረግሽው?» እጇን ዘረጋች። «አምጪው እስቲ።»

«እኔንም እኮ አንስታኛለች» አለች አግዳሚው ላይ ያለችው፣ ቦርሳዋን መሬት እያስቀመጠች። «ለካ ባለቤቴ ፎቶ አይቶ ሲስቅ የነበረው የኔን ነው!» ሌላዋ ስልኳን አውጥታ ፔጁን ወደ ታች መሳብ ጀምራለች፤ ጎረቤቷ ትከሻዋ ላይ ተደግፋ «ቆይ፣ ቆይ፣ ወደ ላይ መልሺው» ትላለች። ረጅሟ ሴት የልጇን ቆብ ከእጇ ተቀብላ፣ እንደገና ልታለብሳት ብላ፣ ሐሳቧን ቀይራ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችው። አክስት ስልኳን ሽርጧ ላይ ለጥፋ ይዛ በመሃላቸው ቆመች፤ የጀመረችው ዓረፍተ ነገር የት ጋ እንደወደቀ የጠፋባት መሰለች።

ልጅቷ መብራቱን ለቀቀችው። ሽርጧን ፈታች፣ አጣጥፋ መደርደሪያው ላይ አደረገች፣ ሄዳ አግዳሚው ላይ ተቀመጠች። ሴቶቹ ስልካቸውን እያዩ፣ ማን እንደተቀመጠ እንኳ ሳያጣሩ፣ ጠጋ ጠጋ ብለው ቦታ ሰጧት። ትንሽ ቆይቶ የአክስቷ ልጅ መጣች። እናትም ፎጣዋን ጉልበቷ ላይ ዘርግታ ከጎናቸው ተቀመጠች፤ በዚያ አግዳሚ ላይ ስትቀመጥ አይታ የማታውቅ አንዲት ደንበኛ «ተራ ይዘሻል?» ብላ ጠየቀቻት።

«አዎ» አለች እናት።

አክስት ዞረች። በአንድ መስመር የተቀመጡትን አየች፣ ልጇን፣ እህቷን፣ የእህቷን ልጅ። ያልታጠበ ራስ አለ፣ የተቀባ ክሬም አለ፣ ሰዓቱ እየሄደ ነው። ስልኩን ከሽርጧ ላይ አነሳችና ማያውን ማየት ጀመረች፣ ቅንድቧን ሰብስባ፣ ከየት እንደሚጀመር እንደማያውቅ ሰው።

«አይቸኩሉ፣ አክስቴ» አለች ልጅቷ። «ቀኑን ሙሉ እዚሁ ነኝ።»